ጉሙ የበላው ገብስ

በዚህ ጉዳይ ውስጥ የነበርነውን ሰዎች አስቀድሜ ልናገር። ስማችንን አልጽፍም፤ ሥራችን ይበቃል። የመጀመሪያዋ ሴት ልጄ ናት፣ ከልጆቼ ሁለተኛዋ፤ ደብረ ማርቆስ ላይ ሠርግና ክርስትና በቪዲዮ እየቀረጸች ትኖራለች፣ ፊልሙን ያሰበችውም የሠራችውም እሷ ናት። ከእሷ ቀጥሎ አብሯት የሚሠራው ካሜራማን አለ፤ የአዲስ አበባ ልጅ ነው፣ ጫማው ጭቃ እንዳይነካ በጣቱ እየቆመ የሚሄድ። ሦስተኛዋ ባለቤቴ ናት፤ በዚህ ታሪክ ውስጥ ብዙ አትናገርም፣ ስትናገር ግን እኔ ዝም እላለሁ። አራተኛው የትውልድ አገሬ ቄስ ናቸው፤ ሁላችንም መምሬ እንላቸዋለን። አምስተኛዋ የሟች ታላቅ ወንድሜ ሚስት ናት። እታለም እላታለሁ። ከሮብ ገበያ ወደ ላይ፣ የጮቄን ተራራ ተጠግታ፣ ባሏ በተወላት መሬት ላይ ገብስ እያዘራች ትኖራለች። ስድስተኛው እኔ ነኝ።

እኔ የወፍጮ ቤት ባለቤት ነኝ። ከተማ የገባሁት በጉልምስናዬ ነው። ትምህርት ቤት ደጃፍ አልረገጥኩም፤ ፊደል የቆጠርኩት ቤተ ክርስቲያን ጥላ ሥር ለጥቂት ወራት ነው፣ ንባብ የተማርኩት ስኳር ከሚጠቀለልበት ጋዜጣ ነው፣ ሞተር የተማርኩት ደግሞ ከተበላሸ ሞተር። እንዲህ ያለ ሰው ያወቀውን ሁሉ በመከራ ስላወቀው፣ ሌላው ሰው በደስታ ሲማር ካየ ይጠራጠራል። ይህ ጉድለቴ ነው፤ ልጆቼ ዋጋውን ከፍለውበታል።

ከስድስታችን ሌላ ስልሳ ሦስት ሰዎች አሉ። እነሱን ዛሬ አንድ በአንድ መቁጠር እችላለሁ፣ የእያንዳንዳቸውን ማሳ አውቃለሁና። ለምን እንዳወቅሁት በኋላ ይመጣል።

ነገሩ የተጀመረው ከአንድ የቪዲዮ ካሴት ነው። ልጆቼ ትንንሽ ሳሉ የባለቤቴ ወንድም ደጀን ላይ ተሞሸረ። ሠርጉን የቀረጸው ሰው አዲስ ካሴት መግዛት ሲገባው በአሮጌ ላይ ቀረጸው። ስለዚህ ሙሽሮቹ መኪና ውስጥ ገብተው እጃቸውን ሲያወዛውዙ ምስሉ ድንገት ይቆረጥና ከሥር የነበረው ይመጣል፤ ሰባት ደቂቃ የሚሆን፣ ጥቁርና ነጭ፣ ንግግር የሌለው የድሮ ካርቱን። አንዲት ትንሽ ደወል ማማ ላይ ተንጠልጥላለች። ጉም እጅ አውጥቶ በሆዷ ውስጥ ያለውን መምቻ ይሰርቃታል። ደወሏ ብትወዛወዝ ድምፅ የላትም። ከማማዋ ትወርዳለች፣ በአፏ ጠርዝ እየዘለለች ተራራ ትወጣለች፣ ጉሙን አታልላ መምቻዋን ታስመልሳለች። በቃ፣ ይኸው ነው።

ልጆቹ ሠርጉን ለማየት እንደሚፈልጉ እየነገሩኝ ካሴቱን ያስከፍቱኝና ሙሽሮቹን በፍጥነት ያሳልፏቸዋል። እኔ እቆጣለሁ። «የአጎታችሁን ክብር ዘልላችሁ የብረት ጨዋታ ታያላችሁ?» እላለሁ። እውነቱን ለመናገር ግን፣ ጋዜጣውን ፊቴ ላይ ዘርግቼ በጠርዙ በኩል አየው ነበር። ደወሏ ተራራው ወገብ ላይ ደርሳ ስትንሸራተት፣ እንደምትነሳ እያወቅሁም፣ ትንፋሼን እይዛለሁ።

ሁለተኛዋ ልጄ አደገች። ነርስ እንድትሆን ፈለግሁ፤ እሷ አዲስ አበባ ሄዳ ካሜራ ተማረች። ተመልሳ ደብረ ማርቆስ ላይ ሥራ ስትጀምር ሥራዋን በስሙ አልጠራሁላትም። ጠዋት ስትወጣ «ዛሬ ጨዋታው የት ነው?» እላታለሁ። ስትመለስ «ጨዋታው እንዴት ዋለ?» እላለሁ። ለዐሥር ዓመት ያህል እንዲህ አልኩ። እሷም «ደህና ዋለ አባዬ» ትለኛለች፤ እኔም እንደቀለድኩ እቆጥረው ነበር።

አንድ ቀን ያንን ካርቱን ወደ ሙሉ ፊልም ልትለውጠው እንደሆነ ነገረችን። ተረት ይሆናል፣ ጀብዱ ይሆናል፣ ግን በዛሬ ዘመንና በእኛ ተራራ ላይ።

«የሰው ሥራ ነው» አልኳት። «ባለቤቱን አስፈቅደሻል?»

«የሠሩት ሰዎች ከሞቱ ቆዩ አባዬ። የሚመለከታቸውን ጠይቄያለሁ። ከዘመኑ ርዝመት የተነሳ ለሁሉም ክፍት ሆኗል ብለው ጽፈውልኛል።»

«ደብዳቤውን አሳይኝ።»

አሳየችኝ። እንግሊዝኛ ነው። ጤፍ ሊያስፈጭ የመጣ አስተማሪ አነበበልኝና እሷ እንዳለችው ሆነ። ከዚያ በኋላ የጻፈችውን ድርሰት ስጪኝ አልኳትና ወፍጮው እየዞረ ሦስት ቀን አነበብኩት። ስመልስላት ወረቀቱ ዱቄት ለብሶ ነበር።

ታሪኩ ጥሩ ነበር። በእሷ ድርሰት ውስጥ ደወሏ በራሷ አትሄድም፤ የደወል ደዋዩ ልጅ ናት የምትሄደው። ጉሙ የደወሉን ድምፅ ከዋጠ በኋላ የአገሩን ድምፅ ሁሉ ይውጣል፤ የውሻውን፣ የወንዙን፣ የሕፃኑን ልቅሶ። የቀረው ልጅቷ አስቀድማ በሞባይሏ የቀረጸችው የደወሉ ድምፅ ብቻ ነው። ባትሪው ደግሞ ሊያልቅ ነው። እሱ ሳያልቅ ተራራው ጫፍ መድረስ አለባት። ካርቱኑ ላይ ያልነበረ ነገር ነው፣ ግን ካርቱኑን የሚያሳፍር አይደለም። ይህን አልነገርኳትም። የነገርኳት ጉድለቱን ነው።

«ብቻዋን ነው የምትወጣው?»

«ካርቱኑ ላይም ደወሏ ብቻዋን ናት።»

«ካርቱኑን የሠራው ሰው ደብር አልነበረው ይሆናል። በእኛ አገር ደወል ጠፍቶ አንዲት ልጅ ብቻዋን ተራራ ስትወጣ ሰው ቁጭ ብሎ ያያታል? ቄሱ የት አሉ? ጎረቤቱ የት ሄደ? ይኼን ካላስገባሽ ውሸት ነው።»

ወረቀቱን ይዛ ወጣች። ባለቤቴ ከጓዳ «አንተ ሰውዬ፣ አንድ ቀን እንኳ ‹ጎበዝ› ብትል ምላስህ ይቆረጣል?» አለችኝ። ዝም አልኩ።

ከሳምንት በኋላ ልጄ ተመልሳ መጣች። መጨረሻውን ለውጣዋለች፤ አሁን ደብሩ በሙሉ ልጅቷን ተከትሎ ወደ ጉሙ ይገባል። «ልክ ነበሩ» አለችኝ። «ግን ስልሳ ሰው ያስፈልገኛል። ስልሳ ሰው የማበላበት የለኝም፣ የምከፍልበትማ ጭራሽ። በእርስዎ ምክር ነው እንግዲህ።»

ሠርግ ስትቀርጽ ያጠራቀመችውን ሁሉ አፍስሳበታለች። ትልቁን ካሜራ ከአዲስ አበባ በውሰት ያመጡት እስከ ጥቅምት መጨረሻ ነው። የደዋዩን ልጅ ሆና የምትሠራው ወጣት አስተማሪ ናት፤ የተሰጣት ፈቃድም ከዚያ አያልፍም። ሌላው ሁሉ ተቀርጿል፤ የቀረው የመጨረሻው መውጣት ብቻ ነው። እሱ ካልተቀረጸ ፊልሙ የለም። ለእናቷ «ይኼ ካልሆነ የራሴን ካሜራ እሸጣለሁ» ስትላት በግድግዳው በኩል ሰምቻለሁ።

ደወሉን እኔ ሠራሁላት። መምሬ የቤተ ክርስቲያኑን ደወል ድምፅ እንድትቀርጽ ፈቅደዋል፤ ደወሉ ግን ከስፍራው አይነሳም አሉ፣ እኔም ከእሳቸው ጋር ነበርኩ። ስለዚህ የአሮጌ ናፍጣ በርሜል ቆርጬ፣ በመዶሻ አጥፌ፣ በያጅ አስበይጄ ሰጠኋት። ለዘጠና ደቂቃ ፊልም ጥሩ ደወል ነው፤ ሲመቱት ግን በርሜል ነው።

ሰዎቹን የት እናግኝ? ከትውልድ አገሬ። ልጄ ያሰበችው በወሩ በዓለ ወልድ ቀን፣ ማንም ማጭድ በማይነካበት፣ ሰውን ሰብስባ ተራራውን ልታስወጣ ነበር። ጥቅምት ነው፣ ገብሱ ደርሷል፣ በረዶ ያሰጋል፤ በሥራ ቀን ማን ይመጣል? ስለዚህ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ ሰው ሰንበቴው ቤት ተቀምጦ ጠላውን ሲጠጣ፣ ልጄ ተነስታ አስረዳች። ሰው ሳቀ፣ ወደደው። መምሬ ግን እጃቸውን አነሱ።

«በበዓል ቀን አይታረስም፣ አይታጨድም፤ ይኼ የታወቀ ነው። ጨዋታ ግን አልተከለከለም። ገና በመጣ ቁጥር ጥርስ እስኪወልቅ የምንጫወት ሰዎች ነን። እንግዲህ አንድ ነገር ልወቅ። ይኼ ፊልም የምትሉት ነገር ሥራ ነው ወይስ ጨዋታ?»

«አባቷን ይጠይቋቸው» አለ አንዱ ከጥግ። «እሳቸው አይዋሹም።»

«ቢዋሹማ ሚዛናቸው ይነግረን ነበር» አለ ሌላው፤ ሰንበቴው ሳቀ።

ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። ልጄም አየችኝ፤ ፊቷ ላይ ጭንቀት አልነበረም። ምን እንደምል ታውቃለቻ። ዐሥር ዓመት ሙሉ ጠዋትና ማታ ያልኩትን ቃል ብቻ መድገም ነበረብኝ፤ ያንን ብል ስልሳው ሰው የእሷ ነው።

እኔ ግን የደምበጫውን ሠርግ አስታወስኩ። ባለፈው ጥር ዘመዳችን ሲዳር የቀረጸችው እሷ ነበረች። ከንጋት ጀምሮ ቆማ ዋለች። እኛ በላን፣ ጠጣን፣ ዘፈንን፤ እሷ ያንን ከባድ ነገር ትከሻዋ ላይ ተሸክማ ስትዞር ውሃ እንኳ የሰጣት የለም፤ እኔም አልሰጠኋትም። ወደ ማታ ስትቀመጥ እጇ እየተንቀጠቀጠ ጽዋውን መያዝ አቅቷት አየሁ። የወፍጮ ድንጋይ ወቅሬ የዋልኩ ቀን የእኔ እጅ የሚንቀጠቀጠው እንደዚያ ነው። በማግስቱ ጠዋትም «ጨዋታው የት ነው?» አልኳት።

«ሥራ ነው» አልኩ።

ልጄ «አባዬ!» አለች። «ዐሥር ዓመት ሙሉ ጨዋታ ነው ሲሉኝ ኖረው፣ ዛሬ? ዛሬ ብቻ?»

«ዐሥር ዓመት ተሳስቼ ነበር» አልኩ። ይህን በሰው ፊት ስናገር በሕይወቴ የመጀመሪያዬ ነው።

መምሬ ራሳቸውን ነቀነቁ። «ሥራ ከሆነ በበዓል አይሆንም» አሉ፤ እያዘኑ ነው። ልጄ ወረቀቷን ማጠፍ ጀመረች። ባለቤቴ አላየችኝም፤ ያ ከተግሣጽ ይብስብኛል። በዚያች ደቂቃ የልጄን ፊልም በእጄ እንደገደልኩት ቆጥሬዋለሁ።

ያኔ እታለም ጽዋዋን አስቀመጠች።

«ምን ያስጨንቃችኋል? ሥራ ከሆነ ወንፈል ነዋ! በሥራ ቀን እንመጣለን፣ ቀናችን ቀን ሆኖ ይመለስልናል። የማንታወቅበትን ነገር አልጠየቁን።»

ወንፈል ማለት አንተ ለእኔ አንድ ቀን፣ እኔም ለአንተ አንድ ቀን ማለት ነው። በገንዘብ አይተካም። የወንፈል ቀን ያልመለሰ ሰው ሲሞት ለቀስተኛ ይሳሳበታል ይባላል። እኔ ከተማ ከገባሁ ወዲህ የማንም ወንፈል አልነበረብኝም፤ ለእኔም ማንም አልነበረበትም።

«ማን ሊመልስ?» አለ ያው የጥጉ ሰውዬ። «እሳቸው? አያ፣ አንቱ ማጭድ ከጨበጡ ስንት ዘመንዎ ነው? ገብስ የሚያውቁት በጆንያ ሲመጣ ነው እንጂ!»

«እመልሳለሁ» አልኩ።

«ስልሳ ቀን?»

«ስንት እንደሆነ ቁጠሩት። እመልሳለሁ።»

ማክሰኞ ቀን ተቀጠረ። ጎህ ሲቀድ ስልሳ ሦስት ሰው መጣ፤ ልጄ ከጠየቀችው ሦስት ይበልጣል። ነገር ግን አንድ ነገር ረስተን ነበር። በጥቅምት ወንፈል የተጠራ ሰው ማጭዱን ይዞ ነው የሚመጣው። ስልሳ ሦስቱም ማጭድ ይዘዋል።

ጉሙ ግን አልመጣም። ሌላ ቀን ዓይን የሚጋርድ ጉም ያ ቀን ጠፍቶ ጮቄ እንደ ታጠበ ሳህን ጠራ። ልጄ «እንጠብቅ» አለችና ካሜራማኑን፣ ተዋናይዋንና እኔን ይዛ ወደ ሸንተረሩ ወጣች፣ ጉሙ በየት እንደሚመጣ ለማየት። ሰዎቹ የእታለም ማሳ ዳር ተቀመጡ። ያ ማሳ በፊልሙ ውስጥ ዋና ቦታ ነበረው፤ ከዚያ በፊት የተቀረጸው ሁሉ ከኋላው ያ ወርቅ የመሰለ ገብስ ቆሞ ይታያል።

ከላይ ሆነን ጉም ስንፈልግ የአጨዳ ዘፈን ሰማን። ልጄ «ድምፅ እየተለማመዱ ነው» አለች፤ ደስ አላት። እኔ ግን ያንን ዘፈን አውቀዋለሁ፤ እጅ ካልሠራ አይዘፈንም። ወርደን ስንደርስ ማሳው አልቋል። ስልሳ ሦስት ሰው አንድን ማሳ ሲያጭድ ጊዜ አይወስድበትም። ነዶው በወግ ተከምሯል። ካሜራማኑ ጫማውን ረስቶ ጭቃው ውስጥ ገባ።

«ምን አደረጋችሁ?!»

«አጨድነዋ!» አለ የጥጉ ሰውዬ፣ ላቡን እየጠረገ። «ለሥራ ጠርታችሁን ቁጭ በሉ ትላላችሁ? የደረሰ ገብስ አጠገብ እጁን አጣጥፎ የሚቀመጥ ምን ዓይነት ሰው ነው?» ወደ እኔ ዞረ። «ደግሞስ የወንድምዎ ሚስት ማሳ አይደል?»

እሱ ይህን ሲናገር ጉሙ ከታች፣ ከሸለቆው በኩል መጣ። ነጭ፣ ወፍራም፣ ልጄ የለመነችው ዓይነት ጉም። ገብሱ ግን የለም።

ልጄ ነዶ ላይ ተቀመጠች። አፌ ላይ ስለ ትዕግሥት የሚሆን ምክር ተዘጋጅቶ ነበር፤ ለሁሉም ነገር ምክር አለኝ። ያን ቀን ዋጥኩት። አጠገቧ ቁጭ አልኩና የያዝኩትን ውሃ ሰጠኋት። ጠጣች። ባዶውን ማሳ አየችው፣ ጉሙን አየችው፣ የሰዎቹን ማጭድ አየችው፤ ከዚያ መሳቅ ጀመረች።

«ጉሙ በላው» አለች።

«ምኑን?»

«ገብሱን! ድምፅ ብቻ አይደለም የሚበላው። አልፎ ሲሄድ ማሳው ባዶ ይሆናል። ለዚህ ነው ደብሩ በሙሉ የሚነሳው፤ ማጭዱን እንደያዘ!» ተነሳች። «እታለሜ፣ ነዶውን ከዓይን አርቁልኝ፣ ቶሎ!»

እታለም አንድ ጊዜ ጮኸች፣ ነዶው በሸክም ከኮረብታው ጀርባ ገባ። ከዚያ ስልሳ ሦስት ሰው፣ መምሬ ከፊት፣ ማጭዱን ይዞ አስተማሪዋን ተከትሎ ወደ ጉሙ ገባ። ማንም እንዴት እንደሚራመድ አልተነገረውም። ሰው ገብሱን የበላበትን ነገር ሲከተል እንዴት እንደሚራመድ ያውቃል። እኔም በሦስተኛው ረድፍ አለሁ። ካሜራውን አትዩ ተብለን ነበር፤ ያየሁት እኔ ብቻ ነኝ።

የቀረውን፣ ጉሙ እጅ የሚያወጣበትንና ድምፅ የሚውጥበትን፣ እሷና ካሜራማኑ ወራት ሙሉ ኮምፒዩተር ላይ ሠሩት። ሲያልቅ መጀመሪያ ያሳየችው ለስልሳ ሦስቱ ሰዎች ነው፤ ሮብ ገበያ፣ አዳራሽ ውስጥ፣ ከወፍጮ ቤቴ ባመጣሁት ጄኔሬተር። ሰው ራሱን ባየ ቁጥር ይጮሃል። እኔ ምስሉ ላይ ስመጣ «አያ፣ ካሜራው ምን በደልዎት?» ብሎ አንዱ አዳራሹን አሳቀው። ጉሙ አልፎ ማሳው ባዶ ሆኖ ሲታይ ግን ሁሉም ጸጥ አለ። ከጨለማው ውስጥ እታለም «ወይኔ ገብሴን!» አለች፣ ጎተራዋ ሞልቶ ሳለ። በመጨረሻ ደወሉ ሲደወል፣ በርሜሉ ሳይሆን እውነተኛው ድምፅ፣ ሽማግሌዎቹ አማተቡ። እኔም አማተብኩ፤ ፊልም ላይ ማማተብ ተገቢ ይሁን አይሁን መምሬን እስካሁን አልጠየቅኋቸውም።

ፊልሙ ደብረ ማርቆስ ላይ ለጥቂት ሳምንታት ታየ። ያወጣችውን ያህል መለሰላት፤ ከዚያ በላይ አልሆነም። ካሜራዋን አልሸጠችም። ጠዋት ስትወጣ አሁን «ሥራው የት ነው?» እላታለሁ። መጀመሪያ ቀን ስላት በር ላይ ቆማ ዞራ አየችኝ።

ወንፈሉን ለመመለስ የሁለት ዓመት አጨዳ ፈጀብን። የመጀመሪያው ቀን መዳፌ ተላጠ፤ የጥጉ ሰውዬ ከኋላዬ መጥቶ ማጭዱን እንዴት እንደምይዝ፣ አባቴ ያሳየኝን የረሳሁትን አያያዝ፣ በሳቅ እያሳየ አስታወሰኝ። ከዚያ በኋላ በየማሳው ሳጭድ የማን አባት ማን እንደነበረ፣ የት ጋ ድንበር እንዳለ፣ ወንድሜ በመጨረሻው ዓመት ምን ይል እንደነበር ሰማሁ። አርባ ዓመት ሙሉ ለለቅሶና ለሠርግ ብቻ የምመጣበት አገር ነበር። ልጄ ስልሳ ሰው ባታስፈልጋት ኖሮ እንግዳ ሆኜ እሞት ነበር። እግዚአብሔር ይስጣት፤ እነሱንም ይስጣቸው።

እታለም «የታጨደው የእኔ ማሳ ነው፣ ድርሻዬን ካልመለስኩ ቤታችን አትግቢ በሉኝ» ብላ ዘጠኝ ቀን ወሰደች። ባለቤቴ ስምንት ቀን አጨደች፤ ከሁላችንም ፈጣን እሷ ነበረች። ልጄ ዐሥራ አምስት ቀን፣ ካሜራማኑ አራት ቀንና አንድ የአውራ ጣት ጥፍር፣ እኔ ሃያ ሰባት ቀን። በድምሩ ስልሳ ሦስት ቀን።